ያለ ስዊች ስዊች መማር፦ በላፕቶፕ ላይ የሚሠራ ቨርቹዋል ላብና የፈቃዱ ጉዳይ

ቢስሚላሂ ረሕማኒ ረሒም

እረፍቱ እየተቃረበ ነው፤ ብዙዎቻችን ወደየቤታችን እንበተናለን። በዚህ እትም የኔትወርክ ትምህርት የያዛችሁ ተማሪዎች ቤት ቁጭ ብላችሁ ልትሠሩት ስለምትችሉት አንድ ነገር እናብራራለን። እሱም በላፕቶፕ ላይ የሚሠራ የቨርቹዋል ስዊች ላብ ነው። የኢንጂነሪንግ ተማሪ ያልሆናችሁም ስለ ፈቃድ የጻፍነውን ክፍል ብታነቡት አይጎዳችሁም፤ ጉዳዩ ላፕቶፓችሁ ላይ የጫናችሁትን ሶፍትዌር ሁሉ ይነካል።

የኔትወርክ ኮርስ የወሰደ ሁሉ ቪላን ምን እንደሆነ፣ ስፓኒንግ ትሪ ለምን እንዳስፈለገ ፈተና ላይ ጽፏል። ስዊች ላይ ኬብል ሰክቶ፣ ትእዛዝ ጽፎ፣ ሲበላሽ አይቶ መልሶ ያስተካከለው ግን ጥቂት ነው። ስዊቹ ጥቂት፣ ተማሪው ብዙ ነው፤ ተራ ሳይደርስ የላቡ ሰዓት ያልቃል። ከምረቃ በኋላ ደግሞ ቀጣሪው የሚጠይቀው ትርጉሙን አይደለም። ዘምዘምና ሂጅራን ጨምሮ ባንኮቻችን ቅርንጫፎቻቸውን የሚያያይዙት በስዊችና በራውተር ነው፤ እዚያ ለሥራ ስንቀርብ ጥያቄው «ሠርተኸው ታውቃለህ?» «ሠርተሽው ታውቂያለሽ?» የሚል ነው።

ከመካከላችን ቤተሰቦቻችን ውጫሌ የሚኖሩ አለን። ውጫሌ ከደሴ ወደ ወልዲያ በሚወስደው መንገድ ላይ ያለች የአምባሰል ወረዳ ዋና ከተማ ናት። ስዊች አልጠፋባትም። የመንግሥት ቢሮም ባንክም ባለበት ሁሉ ካቢኔት ውስጥ ተቆልፎበት መብራቱ ብልጭ ድርግም ይላል። «እስቲ ልለማመድበት» ብሎ የሚጠይቅ ተማሪ ግን ይባረራል፤ መባረሩም ተገቢ ነው። ሰው ገንዘብ የሚያወጣበትና ደመወዝ የሚከፈልበት መስመር መለማመጃ አይሆንም።

ኢንተርኔት ላይ ባሉ ነፃ ላቦች መለማመድ ይቻላል የሚል ይኖራል። እውነት ነው፤ ኢንተርኔቱ ካለ። በ2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ሲደርስ ወሎ ዩኒቨርሲቲ የደረሰበትን ዝርፊያና ውድመት ሁላችንም እናውቀዋለን። በ2015 መጨረሻ ደግሞ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለብዙ ወራት ቆይቷል። በእነዚያ ወራት ላቡ ክላውድ ላይ የነበረ ሰው ላብ አልነበረውም። ላቡ በራሱ ላፕቶፕ ዲስክ ላይ የነበረ ሰው ግን ያለ ኢንተርኔት ሲሠራ ይውል ነበር። እኛ ስለዚህኛው ዓይነት ነው የምናወራው።

ስዊች ለምን ከራውተር ይልቅ አስቸገረ?

መጀመሪያ ስዊች የሚሠራውን በአጭሩ እናስታውስ። አዲስ የተመደበ የዶርም ፕሮክተር አስቡ። ማን የት ክፍል እንደሚኖር የሚያሳይ ዝርዝር የለውም። ለአሕመድ መልእክት ሲመጣ የሁሉንም በር ያንኳኳል። ከአንድ ክፍል መልእክት ሲወጣ ግን የላኪውን ስም ያይና «ይሄ ልጅ ለካ 12 ቁጥር ነው» ብሎ ደብተሩ ላይ ይይዛል። ከዚያ በኋላ ለዚያ ልጅ የመጣውን 12 ቁጥር ብቻ ያደርሳል። ስዊችም እንዲሁ ነው። ከገባው ፍሬም ላይ የላኪውን ማክ አድራሻ አንብቦ በየትኛው ፖርት እንደመጣ ይመዘግባል። የተቀባዩን አድራሻ ካላወቀ፣ ከመጣበት ፖርት በስተቀር ለሁሉም ይለቀዋል። ለ300 ሰከንድ ድምፁ ያልተሰማ አድራሻ በብዙ ስዊቾች ላይ ከደብተሩ ይሰረዛል።

እውነተኛ ስዊች ይህን ሥራ በዋናው ፕሮሰሰሩ አይሠራም። ለዚሁ ብቻ የተሠራ ኤሲክ የሚባል ቺፕ አለው። ፕሮሰሰሩ እኛ የምንጽፈውን ትእዛዝ ተቀብሎ ቺፑን ያዛል፤ ፍሬሞቹን የሚያመላልሰው ቺፑ ነው። በመቶ ሺዎች ብር የሚገመት ስዊች ውስጥ ያለው ፕሮሰሰር ከስልካችን ቢያንስ አይግረማችሁ።

ችግሩ የመጣው ከዚህ ነው። ክሪስቶፍ ፊዮ የተባለ ፈረንሳዊ እ.ኤ.አ. በ2005 ዳይናሚፕስ የሚባል ፕሮግራም ጀመረ። ፕሮግራሙ የሲስኮ 7200ን የመሳሰሉ ራውተሮችን ፕሮሰሰር በተራ ኮምፒውተር ላይ ስለሚያስመስል የራውተሩ ሶፍትዌር ሳይለወጥ ይነሳል። ጂኤንኤስ3 የተገነባው በዚሁ ላይ ነው። ራውተሮቹ ፓኬት የሚያስተላልፉት በፕሮሰሰራቸው ስለነበር ነገሩ ሰመረ። ስዊች ላይ ግን አልሠራም፤ ፕሮሰሰሩን ብታስመስሉት ዋናውን ሥራ የሚሠራው ቺፕ የለም፤ የቺፑ አሠራር ደግሞ የኩባንያው ምስጢር ነው። የዚያ ዘመን ተማሪ 16 ፖርት ያለው የስዊች ካርድ በቨርቹዋል ራውተር ላይ ሰክቶ፣ ከእውነተኛው ስዊች ብዙ የጎደለው ነገር ይዞ ይለማመድ ነበር።

መፍትሔው የመጣው ኩባንያዎቹ ራሳቸው የስዊቻቸውን ሶፍትዌር ቺፑን በሚተካ ፕሮግራም አድርገው ሲያወጡት ነው። ቨርቹዋል ስዊች ኢሜጅ የሚባለው ይህ ነው። ኢሜጅ ሲባል ፎቶ አይደለም፤ የስዊቹ ሙሉ ኦፐሬቲንግ ሲስተም በአንድ ፋይል ታሽጎ ማለት ነው። ፋይሉ አንዳንዱ እንደ ቨርቹዋል ማሽን፣ አንዳንዱ እንደ ኮንቴይነር ይነሳል።

ፓኬት ትሬሰርስ? ጥሩ ነው፤ በሲስኮ የትምህርት ፕሮግራም በነፃ ይገኛል፤ ለመጀመሪያ ዓመት ከሱ የተሻለ የለም። ግን ፓኬት ትሬሰር የስዊቹን ሶፍትዌር አያስኬድም፤ ስዊች እንዴት መልስ እንደሚሰጥ የሚያስመስል ፕሮግራም ነው። ፕሮግራመሩ ያላሰበውን ስህተት ብትሠሩ እውነተኛው ስዊች የሚያሳየውን አያሳያችሁም። ብልሽት ፈልጎ ማግኘት ለመማር የሚሻለው እውነተኛው ሶፍትዌር ነው።

ምን ዓይነት ላፕቶፕ?

8 ጊጋ ራም ያለው ላፕቶፕ ያስጀምራል፤ 16 ካለ ደግሞ አልሐምዱሊላህ። ልዩነቱን የሚወስነው የኢሜጁ ዓይነት ነው። የሲስኮ ቀላሉ የስዊች ኢሜጅ 768 ሜጋ ራም ይበቃዋል። የጁኒፐር ቪጁኖስ ስዊች ቢያንስ 5 ጊጋ ራምና 4 ኮር ይፈልጋል። የሲስኮ ኔክሰስ 9000ቪ 8 ጊጋና ከዚያ በላይ ስለሚበላ በተማሪ ላፕቶፕ ላይ አንዱን አስነስቶ ሁለተኛውን ማሰብ አይቻልም። ከሁሉም የሚቀለው ኦፕን ቪስዊች ነው፤ ሊኑክስ ውስጥ የሚሠራ የሶፍትዌር ስዊች ስለሆነ አሥር ብትፈጥሩ ላፕቶፑ አይሰማውም።

አንድ ነገር ግን መጀመሪያ ፈትሹ። ገበያ ላይ በሚሸጡ ያገለገሉ ላፕቶፖች ብዙ ጊዜ የፕሮሰሰሩ የቨርቹዋላይዜሽን አቅም ባዮስ ውስጥ ተዘግቶ ይገኛል። በኢንቴል ቪቲ-ኤክስ፣ በኤኤምዲ ደግሞ ኤኤምዲ-ቪ ይባላል። ይህ ሳይከፈት ቨርቹዋል ማሽን ወይ አይነሳም ወይ እንደ ኤሊ ያዘግማል። «ላፕቶፔ አይችልም» ተብሎ የተተወ ላብ ብዙ ጊዜ የሚድነው በዚህች አንድ መስመር ነው።

ሁለተኛው ጥንቃቄ ቪጁኖስን ለመረጣችሁ ነው። ይህ ኢሜጅ በውስጡ ሌላ ቨርቹዋል ማሽን ይዟል። ስለዚህ ዊንዶውስ ላይ ቨርቹዋል ማሽን፣ በሱ ውስጥ ሊኑክስ፣ በሱ ውስጥ ቪጁኖስ ብላችሁ ብትደራርቡት አይሠራም። ሊኑክስ በቀጥታ ላፕቶፑ ላይ መጫን አለበት። በኮንቴይነር የሚሠሩት ግን ዊንዶውስ ላይ በደብሊውኤስኤል2 በኩልም ይነሳሉ።

ኢሜጁ ከየት ይምጣ?

ብዙ ተማሪ የሚሳሳተው እዚህ ላይ ስለሆነ ረዘም እናድርገው። ጂኤንኤስ3፣ ኢቭ-ኤንጂና ኮንቴይነርላብ የሚባሉት ቤት ናቸው እንጂ ዕቃ አይደሉም። ስዊቾቹን አስቀምጦ በቨርቹዋል ኬብል ማያያዝ ይችላሉ፤ ስዊቹን ራሱን ግን እኛ ነን የምናመጣው። እዚህ ላይ የቴሌግራም ቻናሉ ይመጣል። የሁሉም ኩባንያ ኢሜጅ በአንድ ፎልደር ተጠቅልሎ፣ የፈቃድ ቁልፍ ከሚፈጥር ፕሮግራም ጋር፣ በፍላሽ ከዶርም ወደ ዶርም ይዞራል። ከነዚህ ውስጥ በጣም የታወቀው የሲስኮ አይኦኤል ነው። ይህ ሶፍትዌር ለረጅም ዘመን ለሲስኮ ሠራተኞች የውስጥ አገልግሎት ብቻ የተሠራ ነበር፤ በየቻናሉ የሚዞረው ሾልኮ የወጣው ነው።

መድረሳ የቀራን ሰዎች ነገሩን በራሳችን ቋንቋ ልናየው እንችላለን። ወሎ ውስጥ ደረሳ ከሸህ ወደ ሸህ እየዞረ ይቀራል። ኪታቡን ገልብጦ ሊይዝ ይችላል፤ ሊያስተምርበት ግን ኢጃዛ ይጠየቃል። ኪታብ መያዝና ኢጃዛ መያዝ ለየቅል ናቸው። የሶፍትዌር ፈቃድም እንዲሁ ነው፤ ፋይሉ እጃችን ላይ መኖሩ የመጠቀም መብት አይሰጠንም። የቴሌግራሙ ኢሜጅ ሌላም ችግር አለበት፤ ኢስናዱ የተቆረጠ ነው። ማን ከማን እንደወሰደው፣ መሀል ላይ ማን ምን እንደጨመረበት አይታወቅም። ኩባንያዎች ለፋይላቸው የሚያወጡት የማረጋገጫ ቁጥር አለ፤ አንድ ባይት ቢለወጥ ቁጥሩ ይለወጣል። የተሰበረ ኢሜጅ ደግሞ መለወጡ የታወቀ ነው፤ በምን እንደተለወጠ ነው የማይታወቀው። እሱን ነው እንግዲህ የግል ፋይላችን ባለበት ላፕቶፕ ላይ የምናስነሳው።

ፈትዋ መስጠት የእኛ ቦታ አይደለም። የሚታወቀውን ግን እንናገር። ዓለም አቀፉ የፊቅህ አካዳሚ በ1409 ዓ.ሂ. (እ.ኤ.አ. 1988) ኩዌት ላይ ባደረገው 5ኛ ጉባኤው፣ በቁጥር 43 ውሳኔው የድርሰትና የፈጠራ መብቶች በሸሪዓ የተጠበቁ መሆናቸውንና መድፈር እንደማይፈቀድ ወስኗል። በሀገራችን ሕግም የኮምፒውተር ፕሮግራም በቅጂ መብት አዋጅ ቁጥር 410/1996 ጥበቃ አለው። ከሁለቱም በፊት ደግሞ «እስማማለሁ» የሚለውን ቁልፍ ስንጫን የገባነው ውል አለ፤ ሱረቱል ማኢዳ የሚከፈተው ውልን ስለ መሙላት በሚናገር አንቀጽ መሆኑን ለዚህ አንባቢ ማስታወስ አያስፈልግም።

«ደሃ ተማሪ ነኝ፣ ዶሩራ ነው» የሚለውን ክርክር ብዙ ጊዜ ሰምተናል፤ የሚናቅም አይደለም። የሲስኮ ሞዴሊንግ ላብስ የግል ፈቃድ በዓመት 200 ዶላር ገደማ ነው። ብሩ ቢገኝ እንኳ ዶላሩን ከየት አምጥቶ፣ በየትኛው ካርድ ይከፈላል? ግን ዶሩራ የሚባለው የተፈቀደ መንገድ ሲጠፋ ነው። እዚህ የተፈቀደው መንገድ አልጠፋም፤ የማያውቀው ሰው ነው የበዛው። ስለዚህ የምናውቀውን እንንገራችሁ።

ሲስኮ አሁን የሞዴሊንግ ላብስን ነፃ እትም ያወጣል። በአንድ ጊዜ 5 መሣሪያ ብቻ ያስነሳል፤ ምዝገባ እንጂ ክፍያ የለውም፤ ያ የሾለከው የአይኦኤል ስዊች በሕጋዊ መንገድ ውስጡ አለ። ሦስት ስዊችና ሁለት ኮምፒውተር ለዚህ ጽሑፍ ልምምድ ሁሉ ይበቃል። ጁኒፐር ቪጁኖስ ስዊችን ለላብ አገልግሎት በነፃ ሰጥቷል። የአሪስታን የኮንቴይነር ስዊች ለማውረድ ድረ ገጻቸው ላይ አካውንት መክፈት ብቻ ነው የሚጠበቅባችሁ። ኖኪያ ደግሞ ኤስአር ሊኑክስን ያለ ምዝገባም እንዲወርድ ክፍት አድርጎታል፤ ያለ ፈቃድ ሲሠራ በሰከንድ 1000 ፓኬት ላይ ይገደባል። ለመማር 1000 ፓኬት ትርፍ ነው። እኛ የኖኪያን አካሄድ ወደነዋል፤ ገደቡን በግልጽ ተናግሮ ሌላውን ይለቅላችኋል።

ከዚህ ሁሉ የተለየው ኦፕን ቪስዊች ነው። የነፃ ሶፍትዌር ፈቃድ ስላለው በፍላሽ ገልብጦ ለጓደኛ መስጠትም የተፈቀደ ነው። መጀመሪያ ማይክሮሶፍት የሠራው ሶኒክም ክፍት ነው። ኢንተርኔት በሌለበት ሰፈር ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ከካምፓስ ዋይፋይ አንድ ሰው ያወርዳል፣ ውጫሌና ሐይቅ ያሉት ከሱ ይገለብጣሉ፣ ማንም የማንንም ሐቅ አይነካም። የኩባንያዎቹን ነፃ ኢሜጆች ግን እያንዳንዱ ሰው በራሱ ስም ያውርድ። ነፃ መሆናቸው አሳልፎ የማከፋፈል መብት አይሰጥም።

የመጀመሪያው ላብ

እንበል፣ አንድ የወረዳ ጽሕፈት ቤት ሁለት ፎቅ አለው። በየፎቁ አንድ ስዊች፣ መሀል ላይ ሁለቱን የሚያገናኝ ሦስተኛ ስዊች አለ። ፋይናንስ ቪላን 10፣ ትምህርት ቪላን 20፣ ጤና ቪላን 30 ይሁን። የትምህርቱ ሠራተኛ የትኛውም ፎቅ ላይ ቢቀመጥ ከትምህርት ክፍል ኮምፒውተሮች ጋር ይገናኝ፤ የፋይናንሱን ትራፊክ ግን አይይ።

ስዊቾቹን የሚያያይዘው መስመር ትራንክ ይሆናል። በትራንክ ላይ የሚሄድ እያንዳንዱ ፍሬም 802.1ኪው በሚባለው ደንብ መሠረት የ4 ባይት ምልክት ይታሰርበታል። ከምልክቱ ውስጥ 12 ቢቱ የቪላን ቁጥር ነው። 12 ቢት 4096 ቁጥር ይሰጣል፤ ሁለቱ ስለተከለከሉ የምንጠቀመው 4094 ነው። አንድ ቪላን ግን ምልክት ሳይታሰርበት ያልፋል፤ እሱን ኔቲቭ ቪላን ይሉታል።

አሁን ሆን ብላችሁ አበላሹት። በአንዱ ስዊች ላይ ኔቲቭ ቪላኑን 1፣ በሌላው ላይ 99 አድርጉ። መስመሩ አይጠፋም፤ መብራቱ አረንጓዴ ነው። ግን አንዱ ከቪላን 1 ያለ ምልክት የላከውን ሌላው 99 ውስጥ ያስገባዋል። የውጫሌ ልጅ ይህን ቶሎ ይረዳዋል። ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. ይስማ ንጉሥ ላይ የተፈረመው የውጫሌ ውል አንቀጽ 17፣ ምኒልክ ከሌሎች መንግሥታት ጋር ሲገናኙ በኢጣልያ በኩል መጠቀም እንደሚችሉ በአማርኛው ሲል፣ በጣልያንኛው ግን ግዴታ አድርጎት ነበር። ሁለቱም ወገን ፈርሟል፤ እያንዳንዱ በእጁ ያለው ወረቀት ለብቻው ሲነበብ ችግር የለበትም። ጠቡ የሚታየው ሁለቱን ጎን ለጎን ያነበበ ሰው ሲኖር ነው። ትራንክም የሚመረመረው እንደዚያ ነው፤ የአንዱን ጫፍ ኮንፊገሬሽን አይታችሁ «ትክክል ነው» አትበሉ። ሁለቱም የሲስኮ ስዊቾች ከሆኑ ሲዲፒ በሚባለው ፕሮቶኮል ተነጋግረው ልዩነቱን ሎግ ላይ ያስጠነቅቃሉ። አንዱ የሌላ ኩባንያ ሲሆን ግን ማስጠንቀቂያው ላይመጣ ይችላል።

ቀጥሎ ሁለቱን የፎቅ ስዊቾች እርስ በርስ አያይዟቸውና ሦስት ማዕዘን ሥሩ። ዓላማው አንድ ኬብል ቢበጠስ በሌላው እንዲዞር ነው። ግን የኢተርኔት ፍሬም እንደ አይፒ ፓኬት ዕድሜ የለውም። አንድ ለሁሉም የተላከ ፍሬም ቀለበቱ ውስጥ ከገባ አይሞትም፤ በየዙሩ ይባዛል። ይህን ያስቀረው ራዲያ ፐርልማን የተባለች አሜሪካዊት እ.ኤ.አ. በ1985 ዲጂታል ኩባንያ ውስጥ ሆና የፈጠረችው ስፓኒንግ ትሪ ነው። ስዊቾቹ አንዱን መሪ አድርገው ይመርጡና ቀለበት የሚሠራውን ፖርት ይዘጋሉ። መሪ የሚሆነው ዝቅተኛ ቁጥር ያለው ነው። ሁሉም ሲጀምሩ 32768 ላይ ስለሆኑ እኩል ይወጣሉ፤ ያኔ ዝቅተኛ ማክ አድራሻ ያለው ያሸንፋል። ይህ ማለት አሮጌው፣ ደካማው፣ ደረጃ ሥር የተቀመጠው ስዊች የሕንጻው መሪ ሊሆን ይችላል ማለት ነው። የመሀሉን ስዊች 4096 ስጡትና መሪነቱ ሲዛወር ተመልከቱ። ከዚያ የሚሠራውን ኬብል ቁረጡና ሰዓት ያዙ፤ በጥንታዊው 802.1ዲ መስመሩ እስኪመለስ ከ30 እስከ 50 ሰከንድ ይፈጃል። ወደ ፈጣኑ ስሪት ቀይራችሁ ደግማችሁ ለኩት።

ይህን ልምምድ በኦፕን ቪስዊች የምትሠሩ ተጠንቀቁ። እዚያ ስፓኒንግ ትሪ ካላበራችሁት በስተቀር ጠፍቶ ነው የሚመጣው። ሦስት ማዕዘኑን ስትዘጉ ፍሬሞቹ መዞር ይጀምራሉ፤ የላፕቶፑ ማራገቢያ እንደ ወፍጮ ይጮሃል፣ ማውሱ ይቆማል። ይህን አንድ ጊዜ ማየት ይጠቅማል፤ ብሮድካስት ስቶርም የሚለው ቃል ከዚያ በኋላ አይረሳም። ግን ፋይላችሁን ሴቭ ካደረጋችሁ በኋላ ይሁን።

ቨርቹዋሉ የሚዋሽበት ቦታ

ሁለት ኬብልን እንደ አንድ አድርጎ የሚያስተሳስር ኤልኤሲፒ የሚባል ፕሮቶኮል አለ። ኮንፊገሬሽኑን በትክክል ጽፋችሁ፣ ሁለቱም ጫፍ ተመሳሳይ ሆኖ፣ አልነሳ ይላል። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ቀኑን ያቃጥላል። ጥፋቱ የስዊቹ ላይሆን ይችላል። ሁለቱ ቨርቹዋል ስዊቾች የተያያዙት በሊኑክስ ብሪጅ በኩል ከሆነ፣ ያ «ኬብል» ራሱ ስዊች ነው። የኢተርኔት ደንብ ደግሞ የኤልኤሲፒና የኤልኤልዲፒ መልእክቶች ከአንድ ስዊች ወደ ቀጣዩ ጎረቤት ብቻ እንዲሄዱ፣ መሀል ያለ ስዊችም እንዳያሳልፋቸው ያዛል። ሊኑክስ ብሪጅ ደንቡን አክብሮ ያስቀራቸዋል። ኮንቴይነርላብ ኮንቴይነሮችን የሚያያይዘው መሀል ላይ ብሪጅ ሳያስገባ በቀጥታ ስለሆነ ይህ ችግር የለበትም፤ ጂኤንኤስ3ም የራሱን የማገናኛ ፕሮግራም ይጠቀማል። በእጃችሁ ቨርቹዋል ማሽን የምትሠሩ ግን ይህን አስታውሱ።

ሌላው ኬብል ሲበጠስ ነው። እውነተኛ ስዊች ላይ ኬብሉ ሲነቀል የሁለቱም ጫፍ መብራት ይጠፋል። በብዙ ቨርቹዋል ማሽኖች ላይ ግን አንዱን ጫፍ ብትዘጉ ሌላው ጫፍ «ደህና ነኝ» ማለቱን ይቀጥላል። ያለ ኤልኤሲፒ በግዴታ ያስተሳሰራችኋቸው ሁለት ኬብሎች ካሉ፣ ግማሹ ትራፊክ ወደ ሞተው መስመር ይሄድና ይጠፋል። ላቡ ዋሸ ብላችሁ አትለፉት። እውነተኛ ኔትወርክ ላይም መሀል ላይ የፋይበር መለወጫ ሲኖር ይሄው ይከሰታል፤ ኤልኤሲፒ የሚመከረውም አንዱ ምክንያት ይህ ነው።

አንዱን ቨርቹዋል ማሽን ኮፒ አድርጋችሁ ሁለተኛ ስዊች ስትሠሩ ደግሞ መለያ አድራሻው አብሮ አለመኮረጁን አረጋግጡ። ሁለት ስዊች አንድ ማክ አድራሻ ይዘው ስፓኒንግ ትሪ ውስጥ ሲገቡ አንዱ የሌላውን መልእክት የራሱ ድምፅ ይመስለዋል።

ከቺፑ ጋር የተያያዘው ሁሉ ግን እዚህ የለም። የፍጥነት ልኬት፣ የትራፊክ ቅድሚያ አሰጣጥ ዝርዝር፣ በኬብል ለካሜራ ኃይል መስጠት፣ የተበላሸ ኬብል ጫፍ መለየት በቨርቹዋል ላብ አይለመዱም። ኬብል መቆንጠጥን መሬት ላይ ተቀምጦ በእጅ መማር ነው፤ ሌላ አቋራጭ የለውም።

መብራትና ኢንተርኔት

ቤት ስንሆን መብራት ሳይናገር ይሄዳል። ዴስክቶፕ ለዚህ አይሆንም፤ ባትሪው የሚይዝ አሮጌ ላፕቶፕ ከአዲስ ዴስክቶፕ ይበልጣል። ስዊች ላይ የጻፋችሁት ትእዛዝ ደግሞ ካላስቀመጣችሁት ራም ላይ ነው ያለው። ለሶላት ስትነሱ ኮንፊገሬሽኑን ሴቭ የማድረግ ልማድ ያዙ፤ በቀን ቢያንስ ዙህር፣ ዐሱርና መግሪብ ላይ ይጠበቅላችኋል።

ከዚህ የሚሻለው ላቡን በጽሑፍ መያዝ ነው። በኮንቴይነርላብ የላቡ ንድፍ፣ ማለትም ስንት ስዊች እንዳለና የቱ ፖርት ከየቱ ጋር እንደተያያዘ፣ በአንድ ትንሽ የጽሑፍ ፋይል ይጻፋል። ኮንፊገሬሽኖቹም ጽሑፍ ናቸው። ሁሉም ተደምሮ ጥቂት ኪሎባይት ነው፤ ኔትወርክ ሲመጣ በደካማው መስመር እንኳ ይላካል፣ ሳይመጣ በብሉቱዝ ይተላለፋል። ይህ የእኛው ሥራ ስለሆነ ለማካፈል የማንም ፈቃድ አያስፈልገንም። አንዲት እህት ሐይቅ ላይ ሆና አንድ መስመር ሆን ብላ አበላሽታ ፋይሉን ትልካለች፤ ውጫሌ ያለው ወንድም ላቡን አስነስቶ ጥፋቱን ይፈልጋል፣ በተራው ሌላ አበላሽቶ ይመልሳል። ኢሜጁን እያንዳንዳቸው በስማቸው አንድ ጊዜ አውርደውታል፤ ከዚያ ወዲህ የሚመላለሰው ጽሑፍ ብቻ ነው።

ከካምፓስ ከመውጣታችሁ በፊት ዋይፋዩ እያለ ማውረድ ያለባችሁ ኡቡንቱ ወይም ዴቢያን ሊኑክስ፣ ኦፕን ቪስዊች፣ ኮንቴይነርላብና ከላይ ካልናቸው ኢሜጆች አንዱ ነው። ስፓኒንግ ትሪ ለመማር የሲስኮን ነፃ እትም ወይም አሪስታን ምረጡ፤ ኤስአር ሊኑክስ የዳታ ሴንተር ስዊች ስለሆነ ለቀጣዩ ደረጃ ይቆይ። የየኢሜጁን የተጠቃሚ ስምና የይለፍ ቃል፣ እንዲሁም የመመሪያውን ገጽ አብራችሁ ዲስክ ላይ አስቀምጡ። ቤት ገብታችሁ ስዊቹ ተነስቶ የይለፍ ቃል ሲጠይቃችሁ ኢንተርኔት ላይኖር ይችላል።